የኢትዮጵያ ፊልም ኤዲተር፦ ሙያ ወይስ መሸጋገሪያ?

ፊልም ሲወደስ ተዋናዩ ይጠራል፤ ሲወቀስ ደራሲው ወይም አዘጋጁ ይነሳል። ቀረጻው ያማረ እንደሆነም ተመልካች ያስተውለዋል። ከሰዓታት ፉቴጅ ውስጥ የሚበጀውን መርጦ፣ የማይበጀውን ጥሎ፣ ታሪኩን ቁራጭ በቁራጭ የገጣጠመው ሰው ግን ስሙ የሚወጣው መጨረሻ ላይ፣ ተመልካቹ ከወንበሩ ሲነሳ ነው። ይህ ዳሰሳ ስለዚያ ሰው ነው። የሚመረምረውም አንድ ጥያቄ ነው፦ በኢትዮጵያ አንድ ሰው ዕድሜውን ሙሉ የፊልም ኤዲተር ሆኖ መኖር፣ በሥራው መብሰል፣ በመጨረሻም ለሌላው ማውረስ ይችላል ወይ?

መልሴን አስቀድሜ ልናገር። ተሰጥኦ አለ፤ ሥራም አለ። የጎደለው ሙያው ዕድሜ የሚያገኝበት ሥርዓት ነው። ለዚህ ሦስት ምክንያቶች ይታዩኛል። የቴክኖሎጂ ለውጥና የተቋማት መፍረስ ተደራርበው የመምህርና የተማሪን ሰንሰለት በየዘመኑ በጥሰውታል። በዓለም አደባባይ ስማቸው የተጠራ ፊልሞቻችን በአብዛኛው ኤዲት የተደረጉት በውጭ አገር ባለሙያዎች ነው። አገር ቤት ደግሞ ለኤዲተሩ የሚደርሰው ከሌላው የተረፈ ጊዜና ገንዘብ ነው። ሦስቱንም በየተራ እንያቸው።

የተበጠሰው ሰንሰለት

በ35 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም የተሠራው «ሂሩት አባቷ ማነው?» የመጀመሪያው ባለሙሉ ርዝመት የኢትዮጵያ ፊልም ተብሎ ይታወቃል። ደራሲው ኢላላ ኢብሳ፣ አዘጋጁ ላምብሮስ ዮካሪስ ነበሩ። ዘመኑ 1957 ዓ.ም. ነው፤ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥንም ሥርጭቱን የጀመረው በዚያው ዓመት ነው። በንጉሡ ዘመን ማብቂያ ገደማ የሚሼል ፓፓታኪስ «ጉማ» ተከተለ።

በዚያ ዘመን መቁረጥ ማለት ቃል በቃል መቁረጥ ነበር። ባለሙያው ጥቅሉን በእጁ ይዞ፣ በብርሃን አይቶ፣ በመቁረጫ ቆርጦ፣ በሙጫ ወይም በቴፕ ያያይዘዋል። ተሳስቶ እንደገና መቀጠል ጊዜ ይበላል፤ ስለዚህ ከመቁረጡ በፊት ያስባል። ሥራው አጠገብ ተቀምጦ ጥቅል የሚያቀብል፣ ቁራጭ የሚሰይምና የሚደረድር ረዳት ስለሚፈልግ መማሪያም ነበር። ረዳቱ መምህሩ ምን እንደጣለና ለምን እንደጣለ በየቀኑ ያያል። በዓለም ታላላቅ ኤዲተሮች የወጡት ከዚህ ወንበር ነው።

በደርግ ዘመን በ1970 የተቋቋመው የፊልም ማዕከል፣ በኋላም የኢትዮጵያ ፊልም ኮርፖሬሽን ሲሆን፣ ይህ ወንበር በመንግሥት ደመወዝ የሚተዳደር መደብ ሆነ። ምርቱ በአብዛኛው ዶክመንተሪ ነበር፤ ዓላማውም የመንግሥትን መልእክት ማድረስ። ያም ሆኖ ሰው ጠዋት ገብቶ ማታ እስኪወጣ ፊልም ብቻ የሚሠራበት ቤት ነበር። የሰሎሞን በቀለ ወያ «አስቴር» የዚያ የሴሉሎይድ ዘመን መዝጊያ ከሆኑት ሥራዎች አንዱ ነው። ኮርፖሬሽኑ በ1991 ተዘጋ። አብሮት የተዘጋው ሕንፃና መሣሪያ ብቻ አልነበረም፤ ልምድ ከአንዱ ወደ ሌላው የሚፈስበት መስመርም ነው።

ቀጣዩ ትውልድ የመጣው ከሌላ በር ነው። በ1990ዎቹ አጋማሽ የቴዎድሮስ ተሾመ «ቀዝቃዛ ወላፈን»፣ ብዙም ሳይቆይ የሠራዊት ፍቅሬ «ሰማያዊ ፈረስ»፣ በቪዲዮ የተቀረጸ ፊልም ሲኒማ ቤት ሊሞላ እንደሚችል አሳዩ። ኮምፒውተር ፊት የተቀመጡት ወጣቶች አብዛኞቹ ሴሉሎይድ በእጃቸው ነክተው አያውቁም። ሥራውን የተማሩት በሠርግ ቪዲዮ፣ በሙዚቃ ክሊፕና በማስታወቂያ ነው። ይህን መናቅ አይገባም። ሠርግ ፍጥነትን ያስተምራል፤ የሦስት ቀን ድግስ በአንድ ሰዓት ተኩል ማጠቃለል ቀላል ሥራ አይደለም። ክሊፕ ምትን ያስተምራል። ማስታወቂያ በሠላሳ ሰከንድ ሐሳብ መጨረስን ያስተምራል። ሦስቱም የማያስተምሩት አንድ ነገር አለ፦ ሁለት ሰዎች ተቀምጠው ሲነጋገሩ የማንን ፊት፣ መቼ፣ ለምን ያህል ጊዜ ማየት እንዳለብን። ልብ ወለድ ፊልም ደግሞ የቆመው በዚህ ላይ ነው።

ቦሌና ምሥራቁ

በ2000ዎቹ የመጀመሪያ አጋማሽ የአማርኛ ፊልም ምርት በዓመት ወደ መቶ ሲጠጋ፣ የኤዲቲንግ ሥራ ከቦሌ መድኃኔዓለም ዙሪያ እስከ ሃያ ሁለት፣ ከመገናኛ እስከ ገርጂና ሲኤምሲ በስፋት ተዘረጋ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። በቦሌ መንገድ ዓለም ሲኒማ ነበረ፤ መድኃኔዓለም አጠገብ የኤድና ሞሉ ማቲ ሲኒማ የከተማውን ወጣት ሰበሰበ፤ ወደ ጉርድ ሾላ ደግሞ ሴንቸሪ ሞል መጣ። የማስታወቂያ ድርጅቶችና የቪዲዮ ስቱዲዮዎች እዚሁ ተከማችተዋል። ዶክመንተሪ የሚያሠሩ መንግሥታዊ ያልሆኑ ድርጅቶችም ሩቅ አይደሉም። ለቀረጻ የሚከራዩት ቪላዎች በሲኤምሲና በሰሚት መንደሮች ስላሉ፣ ሃርድ ዲስኩ ከቀረጻ ቦታ ተነሥቶ ኤዲቲንግ ክፍል ለመድረስ ሩቅ አይጓዝም።

ይህ መሰባሰብ ለኤዲተሩ በረከትም ፈተናም ነው። በረከቱ እንጀራው ከአንድ ምንጭ ብቻ አለመሆኑ ነው። ፊልም ሲጠፋ ማስታወቂያ ይሠራል፤ ማስታወቂያ ሲቀዘቅዝ የድርጅት ዶክመንተሪ ይመጣል። ፈተናውም ከዚሁ ይመነጫል። በገንዘብ የሚያዋጣው አጭሩ ሥራ ስለሆነ፣ ረጅሙን ፊልም የሚሠራው በትርፍ ሰዓቱ፣ ብዙ ጊዜም በሌሊት ነው። የቤት ኪራይ ይከፍላል፤ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር ያስነሳል ወይም ይጠብቃል፤ ቁሳቁሱ ሲበላሽ ከራሱ ኪስ ይተካል።

ሌላም ፈተና አለ፤ የአካባቢው ድምፅ። በቦሌ፣ በገርጂና በቡልቡላ የሚቀረጽ ፊልም ከአውሮፕላን ድምፅ አያመልጥም። በመጀመሪያው ሾት ላይ አውሮፕላን ከጀርባ ያጉረመርማል፤ በመልሱ ሾት ላይ ጸጥ ብሏል። ሁለቱ ሲገጣጠሙ ተመልካች ምክንያቱን ባያውቅም ጆሮው ይሰናከላል። ጊዜና በጀት ያለው ፊልም ንግግሩን በስቱዲዮ ዳግም ያስቀርጻል። ለሌለው ኤዲተር የሚቀረው መሸሸጊያ ሙዚቃ ነው። ብዙ የአማርኛ ፊልሞች ከዳር እስከ ዳር ሙዚቃ የማይለያቸው በምርጫ ብቻ አይመስለኝም፤ ከሥሩ የተቀበረ የአካባቢ ድምፅ አለ። ተቺዎች «ሙዚቃ በዛ» ብለው ሲፈርዱ ከኤዲተሩ ጣዕም ይልቅ የድምፅ ባለሙያ ያልተቀጠረበትን ቀረጻ ቢመረምሩ ፍትሐዊ ይሆናል።

አማርኛን መቁረጥ

የኤዲተርነት መጻሕፍትና የዩቲዩብ ትምህርቶች ለልጆቻችን የሚደርሱት በእንግሊዝኛ፣ ለእንግሊዝኛ ንግግር በተቀመረ ምት ነው። አማርኛ ግን የራሱ ምት አለው። ግሡን የሚያመጣው መጨረሻ ላይ ነው፤ እሺታና እምቢታውም የሚለየው እዚያው ነው። አንዲት እናት «ልጄን ለዚህ ሰው…» ብላ ስትጀምር «እድራለሁ» ወይም «አልድርም» እስክትል ድረስ ነገሩ አልተዘጋም። ኤዲተሩ ግሡ ከመምጣቱ በፊት ወደ ልጅቷ ፊት ቢሻገር ተመልካቹን በጭንቀት ያንጠለጥለዋል። ግሡ ካለቀ በኋላ ቢሻገር ፍርዱን ሰምታ ስትቀበለው ያሳየዋል። ሁለቱ የተለያዩ ትዕይንቶች ናቸው፤ ልዩነታቸው ከአንድ ሰከንድ ያነሰ ነው። «ልብ አንጠልጣይ» የምንለው የፊልም ዓይነት ከሩጫና ከተኩስ ይልቅ በዚህች ቅጽበት ላይ ቢደገፍ ብዙ ያተርፍ ነበር።

እሺታችንን የምንገልጽበት ወደ ውስጥ የሚሳብ ትንፋሽም አለ። አገሬው ሲሰማው «አዎ፣ ገባኝ» ይለዋል። ባዕድ ጆሮ ድንጋጤ ወይም ሕመም ሊመስለው ይችላል፤ ድምፅ ማጽጃ ሶፍትዌር ደግሞ እንደ ሁካታ ሊጠርገው ይችላል። በጸጥታ የተሞላ ትዕይንት ውስጥ ያ ትንፋሽ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ቢጠፋ ተዋናዩ መልስ ሳይሰጥ የቀረ ይመስላል።

ሰላምታም እንዲሁ። ሽማግሌ ቤት የገባ እንግዳ «እንደምን ዋላችሁ» ብሎ በአንድ ጊዜ ወደ ጉዳዩ ቢያልፍ ባለጌ ይባላል፤ ሙሉውን ሰላምታ በፊልም ብናሳይ ታሪኩ ይቆማል። ከስድስት ልውውጥ የትኞቹን ሁለት ብናስቀር ክብሩም ይጠበቃል፣ ፍጥነቱም ይኖራል? ይህን የሚመልስ ሶፍትዌር የለም። ኮሜዲ ላይ ደግሞ የአዲስ አበባ ተመልካች በሙሉ ድምፅ የሚስቅ ነው፤ ከቀልዱ በኋላ ትንሽ አየር ያልተወለት ንግግር በሳቅ ተውጦ ይቀራል። አዳራሽ ውስጥ ከተመልካች ጋር ተቀምጦ ሥራውን ያልፈተሸ ኤዲተር ይህን ክፍተት በግምት ነው የሚተወው።

እነዚህ ነገሮች የተጻፈ መጽሐፍ የላቸውም። የሚገኙት በሠሩት ሰዎች እጅ ነው፤ ስለዚህ ሙያው ዕድሜ ካላገኘ አብረው ይጠፋሉ።

ውጭ አገር የተቆረጡ ፊልሞች

የኢትዮጵያን ስም በዓለም መድረክ ያስጠሩ ፊልሞችን ኤዲተር ብቻ እየፈለግን ብናገላብጥ አንድ ነገር ፊት ለፊት ይመጣል። ኃይሌ ገሪማ በአብዮቱ ሰሞን አገር ቤት ቀርጾ እ.ኤ.አ. በ1976 ለዕይታ ያበቃውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ኤዲት ያደረገው ፊሊፕ ኩረትስኪ ነው። የያሬድ ዘለቀን «ላምብ»፣ እ.ኤ.አ. በ2015 በካን ፌስቲቫል ኦፊሴላዊ ምርጫ የገባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም፣ ፈረንሳዊቷ ቬሮኒክ ብሩክ ሠርታዋለች። ጄሲካ በሽር በሐረርና አካባቢው ለአሥር ዓመት ያህል የቀረጸችው «ፋያ ዳዪ» በጄን አፕልጌትና በደስቲን ዋልድማን ተሠርቶ እ.ኤ.አ. በ2021 ወጣ። እ.ኤ.አ. በ2014 በሰንዳንስ ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት የወሰደው የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ደግሞ የፖላንዳዊቷ የአግኒየሽካ ግሊንስካ ሥራ ነው፤ የካሜራ ባለሙያዋ ሞኒካ ሌንቼቭስካም ፖላንዳዊት ናት።

የግሊንስካ መንገድ ለጥያቄያችን ጥሩ መስተዋት ነው። «ድፍረት» ከወጣ ከአሥር ዓመት በኋላ የማግኑስ ፎን ሆርንን «መርፌ የያዘችው ልጅ» ሠርታለች፤ ያም ፊልም ለኦስካር ታጭቷል። ከዚህ አዘጋጅ ጋር የሠራችው ግን ያኔ ብቻ አይደለም። የፖላንድ ሲኒማ እንዲህ ዓይነት ረጅም ጥምረት ልማዱ ነው። ኤዲተሯ ሃሊና ፕሩጋር ከአዘጋጁ ከአንጄይ ቫይዳ ጋር «የተስፋይቱን ምድር»ና «የእምነ በረድ ሰው»ን ሠርታለች። ያሮስዋቭ ካሚንስኪ ከፓቬል ፓቭሊኮቭስኪ ጋር «ኢዳ»ን ሠርቶ «ቀዝቃዛው ጦርነት»ን ቀጠለ፤ በዚህኛው እ.ኤ.አ. በ2018 የአውሮፓ ምርጥ ኤዲተር ተብሏል። ከጀርባቸው እ.ኤ.አ. ከ1948 ጀምሮ በዉች ከተማ የሚያስተምር የፊልም ትምህርት ቤትና እ.ኤ.አ. በ2005 የተቋቋመ፣ ለፊልም ገንዘብ የሚመድብ የፖላንድ ፊልም ኢንስቲትዩት አሉ። የፖላንዱ ኤዲተር ከአንድ ፊልም ወደ ሌላ የሚሻገረው ስሙን፣ ልምዱንና አዘጋጁን ይዞ ነው።

ለምን ፊልሞቻችን ውጭ ይቆረጣሉ? ችሎታ ስለሌለ ነው የሚለው መልስ አያረካኝም። አንዱ ምክንያት የገንዘቡ ሕግ ነው። በጋራ ፕሮዳክሽን የሚገኝ የአውሮፓ ድጋፍ ብዙውን ጊዜ ከፊሉ በሰጪው አገር እንዲወጣ ያስገድዳል። ቀረጻውን ከኢትዮጵያ መንቀል አይቻልም፤ ኤዲቲንጉን፣ ድምፁንና ከለሩን ግን በአንድ ሃርድ ዲስክ ወደ ፓሪስ ወይም ወደ ኮሎኝ መውሰድ ይቻላል። የባዕድ ዓይን ጥቅም እንዳለውም አምናለሁ፤ እኛ የለመድነውን ስለማያውቅ ታሪኩ ያልገባበትን ቦታ ቶሎ ያገኛል። ጉዳቱ ግን ከባድ ነው። በእያንዳንዱ ትልቅ ፊልም የሚገኘው ትምህርት፣ ማለትም ወራት የፈጀው ክርክር፣ የተጣሉት ትዕይንቶችና የተለወጠው መጨረሻ፣ ወደ አገር ቤት አይመለስም።

ሌላ መንገድ ያሳየን ራሱ ኃይሌ ገሪማ ነው። «ሳንኮፋ»ን (1993 እ.ኤ.አ.) ራሱ ኤዲት አድርጓል፤ «ጤዛ»ን (2008 እ.ኤ.አ.) ከሎረን ሃንኪን ጋር ሠርቶታል። «ጤዛ» በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትን፣ በአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫሉ በፌስፓኮ ደግሞ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ አግኝቷል። ፊልሙ ትዝታን እንደ ትዝታ ነው የሚያስኬደው፤ ዘመን ከዘመን፣ አገር ቤት ከጀርመን ሳያስጠነቅቅ ይደባለቃል። ይህ አካሄድ በስክሪፕት ላይ ብቻ የሚገኝ አይደለም፤ ኤዲቲንግ ክፍል ውስጥ በብዙ ትዕግሥት የተፈለገ ነው። ኃይሌ ያንን ትዕግሥት ያገኘው ጊዜውን የሚወስንበት ሌላ ሰው ስላልነበረ ነው።

ጊዜ፣ ክፍያ፣ መብት

አገር ቤት በሙያው ያሉ ሰዎች ከሁሉ አስቀድመው የሚያነሱት የጊዜን ነገር ነው። ፕሮዲውሰሩ አዳራሽ ይይዛል፤ ፖስተር ይለጠፋል፤ የምረቃው ቀን ለበዓል ሰሞን ይቆረጣል። ቀረጻው በዝናብ ወይም በተዋናይ ጊዜ መጣበብ ሲዘገይ የዘገየው ቀን የሚቀነሰው ከኤዲተሩ ድርሻ ነው። የፈቃድ ማስገመገሚያው ቀን ሲደርስ ራፍ ከቱ፣ ማለትም ያልተጣራው የመጀመሪያ ቁርጥ፣ ራሱ የመጨረሻው ፊልም ይሆናል። በፊልሞቻችን ርዝመት ላይ የሚሰማው ቅሬታ ግማሹ ከዚህ የሚመጣ ነው፤ ማሳጠር ከመቀጠል የበለጠ ጊዜ ይፈልጋል።

ክፍያው በቁርጥ ነው። ፊልሙ አንድ ሳምንት ቢታይም፣ ዓመት ቢታይም፣ በኋላ ዩቲዩብ ላይ በሚሊዮን ቢታይም ኤዲተሩ የተቀበለው ያው ነው። የ1996ቱ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410 ተዛማጅ መብትን ለከዋኞች፣ ለድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲውሰሮችና ለብሮድካስት ድርጅቶች ይሰጣል፤ በዚህ ዝርዝር ኤዲተር የለም። ስለዚህ መብቱ የሚቆመው በውሉ ላይ ነው፤ ውል ደግሞ ብዙ ጊዜ በቃል ነው።

ውጤቱን በየሲኒማ ቤቱ እናየዋለን። ጎበዝ ኤዲተር ጥቂት ዓመት ሠርቶ ወደ አዘጋጅነት ይሻገራል፤ ስምም ገንዘብም እዚያ ስላለ። ለፊልሙ ዓለም ይህ ጥቅም አለው፤ መቁረጥ የሚያውቅ አዘጋጅ ለመቁረጥ የሚሆን ይቀርጻል። ለኤዲተርነት ግን ኪሳራ ነው፤ ወንበሩ ላይ ዘወትር የሚቀመጠው ጀማሪ ይሆናል።

ትምህርቱና አዲሱ ገበያ

ተስፋ የሚሰጡ ጅማሮዎች አሉ። በቻድ ፊልሞች ላይ በካሜራ ባለሙያነት የሠራው አብርሃም ኃይሌ ብሩ የመሠረተው ብሉ ናይል የፊልምና የቴሌቪዥን አካዳሚ፣ ቶም የፎቶግራፍና ቪዲዮግራፊ ማሠልጠኛ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የተከፈተው የፊልም የሁለተኛ ዲግሪ ትምህርት ሙያውን በሥርዓት ማስተማር ጀምረዋል። ዮናስ ብርሃነ መዋ በ2006 የጀመረው የጉማ ሽልማት ኤዲቲንግን ራሱን የቻለ ዘርፍ አድርጎ ይሸልማል፤ ኤዲተር በመድረክ ላይ ስሙ እንዲጠራ ያደረገ ነውና ምስጋና ይገባዋል። በ2010 የጸደቀው የፊልም ፖሊሲም መንግሥት ዘርፉን እንደ ኢንዱስትሪ ማየቱን አሳይቷል።

ገበያው በበኩሉ ተገልብጧል። በ2008 የጀመረው ቃና ቴሌቪዥን በትርጉም ድራማዎቹ ብዙ ወጣቶችን የከንፈርና የድምፅ ማጣጣም አስተማረ። በመጋቢት 2012 በኮሮና የተዘጉት ሲኒማ ቤቶች ከተከፈቱ በኋላም ተመልካቹ እንደ ቀድሞው አልተመለሰም። በ2014 የመጣው አቦል ቴሌቪዥን የአማርኛ ፊልምና ተከታታይ ድራማ ዋና ገዢ ሆነ። ተከታታይ ድራማ ለኤዲተር በታሪኩ ያላገኘውን ነገር ሰጥቶታል፤ በየወሩ የሚገባ ሥራ። ብዙ ክፍል ያለው ድራማ አንድ ሰው ብቻውን ስለማይወጣው ረዳት መያዝ ግድ ሆኗል። የተበጠሰው ሰንሰለት የሚቀጠልበት ዕድል ካለ እዚህ ነው የሚታየኝ፤ ፍጥነቱ ሁሉን እንዳይውጠው መጠበቅ ቢያስፈልግም።

ምን ይደረግ?

ጥያቄው ከኤዲተሩ ጉብዝና በላይ የሌሎች ውሳኔ ስለሆነ፣ የምጠይቀው ሌሎቹን ነው። ፕሮዲውሰሮች በውላቸው ላይ ሁለት ነገር ይጻፉ፦ ለኤዲቲንግ የሚሰጠው ትንሹ ጊዜ ስንት ሳምንት እንደሆነና ቀረጻ ቢዘገይ ምረቃው እንጂ ያ ጊዜ እንደማይነካ። ፊልሙ ከአዳራሽ ወጥቶ በቴሌቪዥንና በዩቲዩብ ሲሸጥ ለኤዲተሩ የምትደርስ ድርሻም፣ ትንሽ ብትሆን እንኳ፣ በወረቀት ትስፈር። አዘጋጆች ከመጨረሻው ቁርጥ በፊት ፊልሙን ለማያውቃቸው ጥቂት ተመልካች ከኤዲተሩ ጋር ተቀምጠው ያሳዩ። ትምህርት ቤቶች ሶፍትዌሩን ካስተማሩ ወዲያ የአማርኛን ንግግር፣ ሰላምታና ዝምታ መቁረጥን ራሱን የቻለ ትምህርት ያድርጉት፤ ከሴሉሎይድ ዘመን የቀሩትን ባለሙያዎችም ሳይዘገዩ ይጋብዙ።

ከውጭ ጋር ለሚሠሩ አዘጋጆቻችን ደግሞ አንድ ልመና አለኝ። ዋናው ኤዲተር ከፓሪስ ወይም ከዋርሶ መሆኑ ግድ ከሆነ፣ ከጎኑ የሚቀመጥ ኢትዮጵያዊ ረዳት ኤዲተር በበጀቱ ውስጥ ይግባ። ከአንድ የካሜራ ሌንስ ኪራይ ብዙም የማይበልጥ ወጪ ነው። «ድፍረት»ና «ላምብ» በተሠሩባቸው ወራት ሁለት ወጣቶች ከእነዚያ ባለሙያዎች አጠገብ ተቀምጠው ቢሆን ኖሮ፣ ዛሬ በሃያ ሁለትና በገርጂ ክፍሎች ያንን ልምድ ለሌሎች የሚያካፍሉ መምህራን ይኖሩን ነበር። ቀጣዩ ትልቅ ፊልም ሲታሰብ ይህ ወንበር ከመጀመሪያው ቀን ይቆጠር። የኢትዮጵያ ኤዲተርነት መሸጋገሪያ መሆኑ የሚያበቃው ጀማሪው ከበሳሉ አጠገብ የሚቀመጥበት ቦታ ሲያገኝ ነው።